ከመመረቂያ ጽሑፍ እስከ ማዳበሪያ ዋጋ፦ የማንሞሃን ሲንግ ጉዳይ ከጅማ ሲታይ

ሐምሌ 22 ቀን 2016 ሰኞ ነበር። የብር ምንዛሪ ከእንግዲህ በገበያ ይወሰናል ተብሎ የታወጀበት ቀን። ጅማ እንደ ክረምቷ ትዘንባለች። ከሂርማታ ወደ ፈረንጅ አራዳ በባጃጅ ስሄድ ሾፌሩ ስልኩን መሪው አጠገብ ሰክቶ አንዴ መንገዱን፣ አንዴ ስልኩን ያያል። 57 ብር ግድም ያደረው ዶላር በአንድ ቀን 74 ገብቷል።

"መምህር፣ ይሄ ነገር ለእኛ ምንድን ነው?" አለኝ። መልሴን ሳይጠብቅ ራሱ ቀጠለ። "ጎማው ከውጭ። ፍሬን ሸራው ከውጭ። ቤንዚኑ ከውጭ።"

"ቡናው ግን ከዚህ ነው የሚሄደው" አልኩት።

"ቡናው የእኔ አይደለማ!"

የሚነዳት ባጃጅ የመጣችበት አገር፣ ሕንድ፣ ከ33 ዓመት በፊት፣ እንዲሁ በክረምት፣ ተመሳሳይ ውሳኔ ወስኖ ነበር። ውሳኔውን የመሩት የገንዘብ ሚኒስትር ዕድሜ ልካቸውን ኢኮኖሚስት የነበሩ፣ እስከዚያ ድረስ አንድም ቀን ለምርጫ ተወዳድረው የማያውቁ ሰው ነበሩ። ዶክተር ማንሞሃን ሲንግ።

እኔ ኢኮኖሚክስ አስተምራለሁ። ከዚያ ሳምንት ጀምሮ ተማሪዎቼ ስለ ምንዛሪ ሲጠይቁኝ ይዤላቸው የምገባው የእሳቸውን ጉዳይ ነው። የቱ ጋ እንደጸኑ፣ የቱ ጋ ደግሞ እንደተመለሱ ቀኑ ሳይቀር ይታወቃል። (ከዚህ በታች ያሉት ቀናት፣ ወራትና ዓመታት፣ የኢትዮጵያ ካልሆኑ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከጋህ እስከ ኦክስፎርድ

ሲንግ የተወለዱት በ1932 ጋህ በምትባል የፑንጃብ መንደር ነው። መንደሯ ዛሬ ያለችው ፓኪስታን ውስጥ ነው። መብራት የለም። እናታቸው ገና በሕፃንነታቸው ሞተው ሴት አያታቸው አሳደጓቸው። ትምህርት ቤት በእግር፣ ጥናት በኩራዝ። ይህን ለጅማ ልጅ ማስረዳት አያስፈልግም። ከጌራ ወይም ከሰቃ ገጠር መጥቶ፣ ጅማ ቤት ተከራይቶ፣ በየሳምንቱ ስንቁን ተሸክሞ የተማረ ሁሉ ያውቀዋል።

በ1947 ሕንድና ፓኪስታን ሲከፈሉ ወንድ አያታቸው በግጭቱ ተገደሉ። ቤተሰቡ ተሰዶ አምሪትሳር ከተማ ገባ። ልጁ ግን ትምህርቱን አልለቀቀም። ከፑንጃብ ዩኒቨርሲቲ ወደ ካምብሪጅ፣ ከካምብሪጅ ወደ ኦክስፎርድ ሄዱ። በ1962 ዶክትሬታቸውን ያዙ።

የዶክትሬት ጽሑፋቸው ላይ ትንሽ ልቆይ። የጉዳዩ ሥር ያለው እዚያ ነው። በዚያን ዘመን ብዙ የልማት ምሁራን ድሃ አገር ምርቱን ለውጭ ገበያ ልኮ አያልፍለትም ይሉ ነበር። ስለዚህ በሩን ዘግቶ፣ የሚያስፈልገውን ሁሉ አገር ውስጥ ያምርት። ሲንግ የሕንድን የወጪ ንግድ ቁጥር በቁጥር መረመሩ። የደረሱበት ድምዳሜ ሌላ ነበር። የሕንድ የወጪ ንግድ የደከመው በአብዛኛው በራሷ ፖሊሲ ነው፤ ዓለም ፊቱን አዙሮባት አይደለም አሉ። ጽሑፉ በ1964 መጽሐፍ ሆኖ ታተመ። አንባቢው ጥቂት ነበር።

ከዚያ በኋላ ያለው የሥራ ታሪካቸው ረጅም ነው፤ ቶሎ ልለፈው። የተባበሩት መንግሥታት የንግድና ልማት ጉባኤ ውስጥ ሠሩ። ዴልሂ አስተማሩ። በ1972 የገንዘብ ሚኒስቴር ዋና የኢኮኖሚ አማካሪ ሆኑ። ከ1982 እስከ 1985 የሕንድ ብሔራዊ ባንክ ገዥ፣ ቀጥሎም የፕላን ኮሚሽን ምክትል ሊቀ መንበር ነበሩ። ከ1987 እስከ 1990 ደግሞ ጄኔቫ ላይ፣ በጁልየስ ኔሬሬ ሊቀ መንበርነት ይመራ የነበረው የደቡብ ኮሚሽን ዋና ጸሐፊ ሆኑ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር መሸፈን የለበትም። በእነዚህ ዓመታት ውስጥ ሲንግ፣ በጽሑፋቸው የተቹትን የተዘጋ ሥርዓት ራሳቸው አገልግለዋል። ፋብሪካ ለመክፈት ፈቃድ፣ ምርት ለመጨመር ፈቃድ፣ ማሽን ለማስገባት ፈቃድ የሚጠየቅበት ሥርዓት ነበር። የባጃጅ ኩባንያን ስኩተር የፈለገ ሕንዳዊ ተመዝግቦ ዓመታት ይጠብቅ ነበር። ገዢው ሞልቷል። ኩባንያው ግን ከተፈቀደለት ቁጥር በላይ ማምረት አይችልም። ይህን ለባጃጅ ሾፌሮቻችን ስነግራቸው አያምኑኝም።

ሲንግ በዚያ ሥርዓት ውስጥ 20 ዓመት ፋይል ሲያገላብጡ ኖሩ። ተማሪዎቼ ይህን እንደ ነውር ያዩታል። እኔ አላየውም። የትኛው ወረቀት የት ጠረጴዛ ላይ እንደሚቆም ያወቁት በዚያ ነው። ጊዜው ሲመጣ ማን ላይ ስልክ እንደሚደውሉ ያውቁ ነበር።

የሁለት ሳምንት ዶላር

ጊዜው በ1991 መጣ። አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በነሐሴ ወር 1990 ኢራቅ ኩዌትን ወረረች። የነዳጅ ዋጋ ተተኮሰ። ባሕረ ሰላጤው አገሮች የሚሠሩ ሕንዶች ወደ አገራቸው ተመለሱ፤ የሚልኩት ገንዘብም ቀነሰ። ውጭ የሚኖሩ ሕንዶች አገር ቤት ያስቀመጡትን ዶላር ማውጣት ጀመሩ። የመንግሥት የበጀት ጉድለት ከአገሪቱ ጠቅላላ ምርት ከ8 በመቶ በላይ ነበር። በግንቦት ወር የቀድሞው ጠቅላይ ሚኒስትር ራጂቭ ጋንዲ በምርጫ ቅስቀሳ ላይ ሳሉ ተገደሉ።

በዚያው ወር ሕንድ 20 ቶን ወርቅ ወደ ስዊዘርላንድ ልካ ዶላር አመጣች። በሐምሌ ደግሞ 47 ቶን ገደማ ለመያዣ ወደ እንግሊዝ ባንክ ሄደ። ሕንድ ቤት ወርቅ ከሳጥን የሚወጣው ሌላው ሁሉ ሲያልቅ ነው። ወሬው ሲሰማ ሕዝቡ የአገሩ ቤት ባዶ መሆኑን ያለ አስተርጓሚ ገባው።

አዲሱ ጠቅላይ ሚኒስትር ናራሲምሃ ራኦ የገንዘብ ሚኒስትር ፈለጉ። መጀመሪያ የታሰቡት ሌላ ኢኮኖሚስት፣ አይ. ጂ. ፓቴል ነበሩ፤ አልፈልግም አሉ። ከዚያ ለሲንግ መልእክት ተላከ። ሲንግ ከብዙ ዓመት በኋላ እንደተናገሩት ነገሩን ከቁም ነገር አልቆጠሩትም። በማግስቱ ራኦ ራሳቸው አፈላልገው አገኟቸው። ተቆጥተዋል። ቶሎ ልብስ ቀይረህ ለቃለ መሐላው ና ተባሉ። ሰኔ 21 ቀን 1991 ሚኒስትር ሆኑ። ራኦ በግልጽ ነገሯቸው ይባላል። ከተሳካ ሁላችንም እንመሰገናለን፤ ካልተሳካ የምትባረረው አንተ ነህ።

ሱሉስ ዝላይ

ቀጥሎ የሆነው በአሥራ ሁለት ቀን ውስጥ ነው። ሲንግና የብሔራዊ ባንኩ ሰዎች የሕንድ ገንዘብ፣ ሩፒ፣ ዋጋው መውረድ አለበት ብለው ቆረጡ። ፖለቲከኞቹ ግን ቁስል አለባቸው። በ1966 ሩፒ በአንድ ጊዜ ከ4.76 ወደ 7.50 ለአንድ ዶላር ወርዶ፣ መንግሥት ለውጭ ኃይል ተንበረከከ ተብሎ ብዙ ስድብ ወርዶበት ነበር። ራኦ ይህን ያስታውሳሉ።

ስለዚህ ውሳኔው ለሁለት ተከፈለ። መጀመሪያ ትንሽ ዝቅ ማድረግና ገበያው ምን እንደሚል ማየት፤ ከሁለት ቀን በኋላ ዋናውን መጨረስ። የምስጢር ስሙም ከአትሌቲክስ የተወሰደ ነበር፤ እኛ ሱሉስ ዝላይ የምንለው። ሐምሌ 1 ቀን የመጀመሪያው ተደረገ። ጩኸት ተነሣ። ሐምሌ 3 ቀን ጠዋት ራኦ ተጨነቁና ሁለተኛው እንዲቆም ለሲንግ ነገሯቸው። ሲንግ ወደ ብሔራዊ ባንኩ ምክትል ገዥ፣ ወደ ሲ. ራንጋራጃን ደወሉ። ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ተኩል ግድም ነው። የራንጋራጃን መልስ አጭር ነበር፦ ዘልያለሁ። አዲሱ ዋጋ ከግማሽ ሰዓት በፊት ወጥቷል።

ክፍል ውስጥ ይህ ቦታ ስንደርስ ሁሌ ክርክር ይነሣል። ጠቅላይ ሚኒስትሩ ግማሽ ሰዓት ቀድመው ቢደውሉስ? ይቆም ነበር። የሠላሳ ዓመት ዕውቀት በግማሽ ሰዓት ልዩነት ነው የተረፈው። እኔ ግን ተማሪዎቼን ወደ ሌላ ነገር እመልሳቸዋለሁ። ራኦ ከዚያ በኋላ ሲንግን አላባረሩም። ጩኸቱን ራሳቸው ተሸከሙ። ያለ እሳቸው ሲንግ ጥሩ ጽሑፍ የጻፉ ጡረተኛ ሆነው ይቀሩ ነበር።

ዶላር ከ21 ሩፒ ግድም ተነሥቶ ወደ 26 ተጠጋ። በዚያው ሳምንት የንግድ ሚኒስትሩ ፒ. ቺዳምባራም ለላኪዎች ይሰጥ የነበረውን የጥሬ ገንዘብ ድጎማ አስቀሩ። ሩፒው ከወረደ ላኪው ለሚያገኘው ዶላር ብዙ ሩፒ ይቆጥራል፤ ድጎማ ምን ያደርግለታል? የ1962ቱ ጽሑፍ ሥራ ላይ ዋለ።

አንዲት ትንሽ ነገር ልጨምር። ሲንግ ጄኔቫ ሲሠሩ ያጠራቀሙት ዶላር ነበራቸው። ሩፒ ሲወርድ ያ ገንዘብ በሩፒ ሲታይ አበጠ። ያን ጊዜ ጠቅላይ ሚኒስትሩ ቢሮ ይሠሩ የነበሩ ባልደረባ እንደተናገሩት፣ ሲንግ ትርፉን አስልተው ለጠቅላይ ሚኒስትሩ የዕርዳታ ፈንድ አስገቡ። ማንም አልጠየቃቸውም። ይህን ለተማሪዎቼ ስናገር ክፍሉ ዝም ይላል። ውሳኔ ከመውጣቱ በፊት የሚያውቅ ሰው ምን ማድረግ እንደሚችል ሁላችንም እናውቃለን።

ማዳበሪያ

ሐምሌ 24 ቀን ሲንግ በጀታቸውን ለፓርላማ አቀረቡ። ያለን የውጭ ምንዛሪ የሁለት ሳምንት ዕቃ ብቻ ይገዛል አሉ። አልደበቁትም። በዚያው ቀን አዲሱ የኢንዱስትሪ ፖሊሲ ወጣ፤ ከ18 ዘርፎች በቀር የፈቃድ ግዴታ ቀረ። ከፍተኛው የጉምሩክ ቀረጥ በ150 በመቶ ተገደበ። ዓለም የሚያወራው ይህን ነው። ጅማ ላይ ሆኖ ለሚያነብ ሰው ግን ከዚያ በጀት ውስጥ ትልቁ መስመር ሌላ ነው፦ የማዳበሪያ ዋጋ በ40 በመቶ ይጨምራል።

ሂሳቡ ለኢኮኖሚስት ግልጽ ነበር። የማዳበሪያ ዋጋ ለአሥር ዓመት ያህል ከፍ አላለም። ድጎማው በየዓመቱ እያበጠ የመንግሥትን ካዝና ይበላል። ሩፒ ሲወርድ ደግሞ ከውጭ የሚገባው ማዳበሪያ ይወደዳል። ወይ ገበሬው ይክፈል፣ ወይ መንግሥት ገንዘብ ያትም። ሲንግ ወረቀቱ ላይ ትክክል ነበሩ።

ፓርላማው ግን ተናጠ። የተናጠውም በተቃዋሚ ብቻ አይደለም። የገዛ ፓርቲያቸው አባላት፣ ከገጠር የተመረጡት፣ ተነሡባቸው። መንደራችን ምን ብለን እንገባለን አሉ። የሩፒውን ነገር የሚከታተል ጥቂት ነው። ማዳበሪያ ግን እያንዳንዱ ቤት በጆንያ የሚያውቀው ነገር ነው።

ነሐሴ 6 ቀን ሲንግ ፓርላማ ተመልሰው ማሻሻያ አቀረቡ። ጭማሪው ከ40 ወደ 30 በመቶ ወረደ። አነስተኛ መሬት ያላቸው ገበሬዎች ደግሞ ከጭማሪው ሙሉ በሙሉ ነጻ ሆኑ።

ብዙ ጸሐፊዎች ይህን እንደ ሽንፈት ያዩታል። እኔ ከሰውየው የሥራ ዘመን ሁሉ የምወደው ቀን ይህ ነው። ሩፒው ላይ አልተነቃነቁም፤ ፈቃዱ ላይ አልተነቃነቁም። ማዳበሪያው ላይ ሰሙ። የተሳሳቱት ቁጥር ላይ አልነበረም፤ ማን እንደሚከፍል ሳይለዩ በጅምላ ማዘዛቸው ላይ ነበር። ያንን ከበጀቱ 13 ቀን በኋላ አረሙ።

እርማቱም ቢሆን ጣጣ ነበረበት። አንድን ጆንያ ለአንዱ በዚህ ዋጋ፣ ለጎረቤቱ በዚያ ዋጋ መሸጥ ቀላል አይደለም። በ1992 ፎስፌትና ፖታሽ ያለባቸው ማዳበሪያዎች ከዋጋ ቁጥጥር ሲወጡ ዩሪያ በቁጥጥር ስር ቀረ። ገበሬው ርካሹን አበዛ። ዩሪያ በዛ፣ ሌላው አነሰ፣ የአፈሩ ሚዛን ተዛባ። ሕንድ ይህን ጣጣ እስካሁን አልጨረሰችውም።

ከዚያ ወዲህ

የመጀመሪያው ዓመት ከባድ ነበር። የዋጋ ንረቱ 17 በመቶ ግድም ደረሰ፤ ዕድገቱ ከ2 በመቶ በታች ወረደ። ሁለተኛው ዓመት ላይ ኢኮኖሚው ተነሣ። በ1990ዎቹ አጋማሽ ዕድገቱ 7 በመቶን አለፈ። በ1992 የአክሲዮን ገበያ ማጭበርበር ሲጋለጥ ሲንግ ተወቀሱ፤ በኋላም መልቀቂያ አቀረቡ፣ ራኦ አልተቀበሏቸውም። በ1996 ፓርቲያቸው በምርጫ ተሸነፈ። በ1999 ራሳቸው ደቡብ ዴልሂ ላይ ተወዳድረው ወደቁ። በሕይወታቸው በቀጥታ ሕዝብ የመረጣቸው አንድም ጊዜ የለም። እንዲያም ሆኖ ከ2004 እስከ 2014 ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኑ።

በ2005 ለእያንዳንዱ የገጠር ቤተሰብ በዓመት 100 ቀን ሥራ ዋስትና የሚሰጥ ሕግ ወጣ። የእኛ ሴፍቲኔት የተጀመረውም በዚያው ዓመት ነው። ሐሳቡ የእሳቸው ብቻ አልነበረም፤ የፓርቲው ሊቀ መንበር ሶንያ ጋንዲና በዙሪያቸው የነበሩ ሰዎች ገፍተውበታል። በሁለተኛው የሥልጣን ዘመናቸው የቴሌኮምና የድንጋይ ከሰል ቅሌቶች መጡ። እሳቸው ገንዘብ ወሰዱ ያለ ብዙ የለም። ዝም አሉ ያለ ግን ብዙ ነው፤ ወቀሳውም ተገቢ ይመስለኛል።

እኛም አገር መጥተዋል። በግንቦት 2003 በእኛ አቆጣጠር፣ ለአፍሪካና ሕንድ ጉባኤ አዲስ አበባ ገብተው፣ ለአፍሪካ የ5 ቢሊዮን ዶላር ብድር ቃል ገብተው፣ በፓርላማችን ንግግር አደረጉ። በታኅሣሥ ወር 2024፣ በ92 ዓመታቸው አረፉ።

ሐጂ ደጃፍ

ይህን ሁሉ ቡና አቅራቢ ለሆኑ አንድ ትልቅ ሰው ነግሬያቸዋለሁ። ሰፈሩ ሁሉ ሐጂ ይላቸዋል፤ እኔም እንደዚያው። መጋዘናቸው ደጃፍ በርጩማ ላይ ተቀምጠን ነው። ከውስጥ የጀንፈል ሽታ ይወጣል። በሩ ጎን ሚዛኑ ተሰቅሏል።

"ዶላር ሲወደድ ቡና ይወደዳል፤ እሱ እውነት ነው" አሉኝ። "ግን ወሩን እይ። ሐምሌ ላይ ገበሬው ቤት ቡና አለ?"

የለም። ጅማ ዙሪያ እሸት የሚለቀመው ከመስከረም መጨረሻና ከጥቅምት ጀምሮ ነው። የደረቀውም ቢሆን ክረምት ሳይገባ ብዙው ተሸጧል። ሐምሌ ላይ ቡና ያለው መጋዘን ያለው ሰው ቤት ነው። ዶላር ሐምሌ ላይ ሲዘል የመጀመሪያው ትርፍ የሄደው ወደዚያ ነው። ገበሬው በዚያ ወር በቆሎ የሚገዛ ሰው ነው። ጨው፣ ዘይት፣ ሳሙና የሚገዛ ሰው ነው። ቡናው ማዳበሪያ ባይፈልግ እንኳ በቆሎው ይፈልጋል።

"እንግዲያው ሐጂ፣ እርስዎ ተጠቅመዋል ማለት ነው" አልኳቸው።

"አዎ፣ ተጠቅሜያለሁ። ምን እደብቅሃለሁ? በጥቅምት ግን እሸቱን ስገዛ ዋጋው እኔንም ደረሰኝ። ፈረሱላው ባለፈው ዓመት በገዛሁት አልተገኘም። ገበሬው ቢዘገይም አገኘ። እስከዚያ ግን ሦስት ወር አለ።"

ሦስት ወር። እኔ በቦርድ ላይ አንድ ቀስት አድርጌ የማልፈው ነገር። ምንዛሪ ወደ ዋጋ፣ ዋጋ ወደ ገበሬ። ሐጂ ያ ቀስት ውስጥ ምን እንዳለ በወር ነገሩኝ። ክረምቱ አለበት፣ የተበደረ እህል አለበት፣ ቡናውን ገና አበባ ላይ ሳለ በብድር የሸጠ ሰው አለበት። እንዲህ ያለው ሰው ጥቅምት ላይም ዋጋው አይደርሰውም።

ከዚያ የማዳበሪያውን ታሪክ ነገርኳቸው። 40ው፣ 30ው፣ ትንሹ ገበሬ ነጻ መውጣቱ። ሲኒውን አስቀምጠው ሰሙኝ።

"ትንሽ ያሉት ስንት መሬት ያለውን ነው?"

"እስከ ሁለት ሄክታር" አልኳቸው።

ሐጂ ጣታቸውን ማጠፍ ጀመሩ። ቡና የሚያመጡላቸውን ሰዎች ስም አንድ በአንድ እየጠሩ፣ ከጎማ፣ ከማና፣ ከሊሙ። አንዱን ጠርተው ያስባሉ፤ ራሳቸውን ነቅንቀው ያልፋሉ። ስሙ ሳያልቅ አጓጓዡ መጣና ጆንያ ቁጠሩልኝ አላቸው። ሲነሱ በእጃቸው ላይ የታጠፉት ጣቶች ሦስት ነበሩ።

"ከሁለት ሄክታር በላይ ያላቸው እነዚህ ናቸው" አሉኝ፤ ወደ መጋዘኑ ገቡ።